«ኖር!» የተባለበት የቀጥታ ስርጭት

አሜሪካ፣ ቤይ ኤሪያ በሚባለው አካባቢ አማርኛን በቴሌቪዥን ያስገባሁት እኔ ነኝ። ይህን ስናገር አላፍርም። የፊልም ትምህርት ቤት ደጃፍ ረግጬ አላውቅም። ቀን ቀን ሚልፒታስ ፋብሪካ ውስጥ የኮምፒውተር ቦርድ እበይድ ነበር፤ ካሜራውንም፣ መብራቱንም፣ ኤዲቲንጉንም ከላይብረሪ በተዋስኳቸው መጻሕፍት ብቻዬን ተማርኩ። ዛሬ ዲግሪ የጫኑ ልጆች ምክር ይጠይቁኛል።

በፈረንጆቹ ሰማንያዎቹ አጋማሽ፣ ሳን ሆዜ ውስጥ ማንኛውም ነዋሪ በነፃ ፕሮግራም የሚያቀርብበት የኬብል ጣቢያ ነበር። ስድስት ወር ደጅ ጠናሁ። በመጨረሻ ኃላፊዋ፣ «ግማሽ ሰዓት በቀጥታ ትሠራለህ። ካማረ በየሳምንቱ እሰጥሃለሁ፤ ካላማረ ተራ የሚጠብቅ ሞልቷል» አለችኝ።

አራት እንግዶች ጠራሁ፤ አንድ የታክሲ ሾፌር፣ አንዲት ነርስ፣ አንድ መምህርና ከኦክላንድ የሚመጡ አንድ ጡረተኛ ዳኛ። ዳኛው አውቶቡስ አምልጧቸው ዘገዩ። ወንበራቸውን ባዶ ትተን ጀመርን።

አሥር ደቂቃ እንደሄድን የስቱዲዮው በር ተከፈተና ሽማግሌው ዣንጥላቸውን ይዘው ገቡ። ሦስቱም እንግዶች ብድግ አሉ።

«ኖር!»

«በእግዜር! ኧረ ተቀመጡ ልጆቼ!»

«እርስዎ ሳይቀመጡ? አይደረግም ጋሼ!»

«በሞቴ!»

እኔ ከመስታወቱ ጀርባ ነበርኩ። ስክሪኑ ላይ የቀረው ሁለት ቀበቶና አንድ የሴት ቦርሳ ብቻ ነው። ኃላፊዋ ከጎኔ ዘላ ተነሳች።

«ፊታቸው የት ሄደ?»

«ትልቅ ሰው መጥቶ ነው።»

«ታዲያ ቁጭ በሉ በላቸው!»

«እሱን እንኳ እኔም አልችልም» አልኳትና ካሜራ ለያዘው ጓደኛዬ በማይክሮፎን ጮህኩለት፤ «ወደ ኋላ ሳብ! ሰፋ አድርገህ ያዝ!»

አራቱም ለወንበሩ ሲገባበዙ ሙሉ በሙሉ ታዩ። ዳኛው በግድ ተቀመጡና ዙሪያቸውን ቃኙ።

«ቴሌቪዥኑ መቼ ነው የሚጀምረው?»

«ጀምሯል እኮ ጋሼ!» አለች ነርሷ፣ ሳቋን መቆጣጠር አቅቷት።

ዳኛው ደንግጠው እንደገና ተነሱ፤ ባርኔጣቸውን አውልቀው ለካሜራው እጅ ነሱ። ወዲያው የስቱዲዮው ስልክ መጮህ ጀመረ፤ አላቆመም። እያነሳሁ ተመልካቾቹን አናገርኩ።

«ምንድን ነው የሚሉት?» አለች ኃላፊዋ።

«እኛም ቤት ቆመንላቸዋል፣ ንገሯቸው ነው የሚሉት።»

ትን እስኪላት ሳቀች። ሄዳ ግድግዳው ላይ በተሰቀለው ሰሌዳ፣ ሐሙስ በሚለው መስመር፣ ስሜን ጻፈች። ያ ጽሑፍ ዛሬም ዓይኔ ላይ አለ።

ከዚያ በኋላ የሠራሁት ይኸው ነው፦ አራት ዓመት ሙሉ አንድም ሐሙስ አላጎደልኩም። ነርሷን ዜና አንባቢ፣ ጓደኛዬን ባለሙያ ካሜራማን አደረግኩ። ሦስት ሰርግ፣ የዳኛውንም ሰማንያኛ ልደት ቀረጽኩ፤ ነፍሳቸውን ይማርና ካሴቱ እስካሁን እጄ ላይ ነው። በካሜራዬም ሁልጊዜ ከእንግዶቹ ራስ በላይ ሰፊ ቦታ ተውኩ። በእኔ ፕሮግራም፣ ለታላቁ ሲነሳ ፊቱ ከስክሪን የወጣበት ሰው ከዚያ ወዲህ አልነበረም።