አክስቴ በፊልሙ ላይ ያለችው

አክስቴ የሆቴል አንሶላ ትተኩሳለች፤ እኔም አብሬያት እሠራለሁ። ምድር ቤት ነው፣ መስኮት የለውም፣ እንፋሎቱ ግን ለአገር ይተርፋል። ከአገር ከወጣች ብዙ ዘመኗ ነው። የመኖሪያ ፈቃዷ ገና አልወጣም፤ አንዴ ከሄደች መመለሻ የላትም። ልጇ ደግሞ እዚህ ተወልዶ እዚህ ነው የሚማረው።

አምና አንድ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ቤታችን መጣ። ስለ ስደትና ስለ ማንነት ነው የምሠራው አለ። ክፉ ሰው አይደለም፣ አንድ አመል ግን አለው፤ መልስ ከሰጡት በኋላ ዝም ብሎ ያያል። አክስቴ ደግሞ ይሉኝታ የሚገድላት ሴት ናት። ቤቷ የመጣ እንግዳ ፊቱ ካልፈካ ጥፋቱ የሷ ይመስላታል።

"አገርዎ ይመለሳሉ?" አላት።

"አልመለስም፣ ልጄ እዚህ ነው።"

ጭጭ።

"ማለቴ… ይናፍቀኛል።"

አሁንም ጭጭ። ጨነቃት። "ለከርሞ እናቴ ጋ እገባለሁ!" አለችና እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። የሰውዬው ፊት በራ፤ እኔ ከካሜራው ጀርባ ጥርሴን ነከስኩ። ካፍ ከወጣ አፋፍ አይደል።

ፊልሙ አገር ቤት በቴሌቪዥን ታየ። አያቴ ጎረቤቱን ሰብስባ አየችው። ጉልበቷ ከድቷታል፣ የምትኖረውም ብቻዋን ነው፤ አጎቴ እሱ ቤት እንድትገባ ለምኖ ለምኖ ገና እሺ ማለቷ ነበር። ከፊልሙ በኋላ "ልጄ መጥታ በሩን ተዘግቶ ልታገኘው ነው?" ብላ የታሰረ ዕቃዋን ፈታች። በቅርቡ ደጃፏ ላይ ወድቃ ጎረቤት ነው ያነሳት።

አክስቴ ፊልም ሠሪው ጋ ደወለች፤ ያቺን ንግግር አውጣልኝ ብላ። "ያቺ ንግግር እኮ የፊልሙ ነፍስ ናት፤ ሰው ሁሉ የሚያለቅሰው እዚያ ጋ ነው" አላት። እኔ ብሆን የማወርድበትን እኔ አውቃለሁ። እሷ አመስግናው ዘጋች።

በምሳ ሰዓት ደረጃው ላይ ተቀምጣ እናቷ ጋ ደወለች።

"እማዬ፣ አልመጣም። መምጣት አልችልም። ወንድሜ ጋ ግቢ።"

"ማነው እንዲህ በይ ያለሽ?"

"ማንም። እውነቱን ነው የምነግርሽ።"

"እውነቱንማ አይቻለሁ። በስልክ መቼ እውነት ነግረሽኝ ታውቂያለሽ? ታመሽም ደህና ነኝ፣ ተርበሽም ደህና ነኝ። እኔ የማምነው ስታለቅሺ በዓይኔ ያየሁሽን ነው።"

"እማዬ፣ ስሚኝ…"

"አይዞሽ ልጄ፣ አትጨነቂ። የትም አልሄድም።"