ሰንበቴ ላይ የፈጠርኩት ኮከብ

ሰንበቴ ገበያ ላይ ኮከብ የፈጠርኩት ከአራት ዓመት በፊት ነው። አስቤበት አልነበረም። ከቆላ የመጡ አንድ ሽማግሌ ሁለት ጊደር ይዘው ቆመው ዋጋ አልቀንስም አሉኝ። «ዝናቡ ደርሷል፤ ሣር ከበቀለ ለምን እሸጣለሁ?» ይላሉ። እውነታቸውን ነው። እኔ ግን ጊደሮቹን ወድጃቸዋለሁ፤ የወደዱትን ከብት ትቶ መሄድ ደግሞ ለነጋዴ በሽታ ነው።

«አባቴ፣ ኡርጂ ኦኮላ ሳይወጣ ምን ዝናብ አለ?» አልኳቸው። አንካሳው ኮከብ ማለቴ ነው።

«የቱ ነው እሱ?»

«የንጋት ኮከብ ታናሽ ወንድም ነዋ። ሁለቱ ውሃ ሊቀዱ ሲሽቀዳደሙ ወድቆ እግሩ ተሰበረ። ለዚህ ነው ዘግይቶ የሚወጣው፤ ውሃውን የያዘው ደግሞ እሱ ነው።»

ሽማግሌው ሰማዩን አዩ፤ ቀትር ነበር። «አባቴ ይህን አላሳየኝም። ሰማይ ግን ሰፊ ነው» አሉና ሸጡልኝ።

የዚያን ዓመት ዝናቡ የምር ዘገየ። ለውሸታም ከዚህ የከፋ ዕድል የለም። ደላሎቹ ወሬውን ከከብቱ ጋር እየነዱ አዞሩት። በዓመቱ እኔ በምኖርበት ከሚሴ ባጃጅ ላይ አብሮኝ የተሳፈረ ሰው፣ አያቱ በዚሁ ኮከብ ይዘሩ እንደነበር ነገረኝ። ቀይ ነው አለኝ። እኔ ቀለም አልሰጠሁትም ነበር።

ግቢዬ ውስጥ አንድ የፊዚክስ መምህር ተከራይቷል፤ ስልኩን ወደ ሰማይ ሲያዞር የኮከቦቹን ስም የሚያወጣለት ነገር አለው። እንደዋዛ ጠየቅሁት።

«ኮከብ አያነክስም» አለኝ። «እያንዳንዱ በየቀኑ አራት ደቂቃ ያህል ቀደም ብሎ ይወጣል፤ ዓመት ሲሞላ ተመልሶ እዚያው ነው። አንዴ የሚቀድም፣ አንዴ የሚዘገይ ካየህ ፕላኔት ነው።»

«ታዲያ ሽማግሎች በኮከብ ቀን ይቆጥሩ የለም እንዴ?»

«ይቆጥራሉ እንጂ። ቦረና ውስጥ ጨረቃ ከየትኛው ኮከብ ጋር እንደምትወጣ አይተው ቀኑን የሚነግሩህ አሉ። እነሱ ግን ዕድሜ ልካቸውን ሲያዩ የኖሩ ናቸው። ይህን ያወራው ሰውዬ አንገቱን ቀና አድርጎም አያውቅ።»

ሻዬን ሳልጨርስ ተነሳሁ። ከዚያ ወዲህ ንጋት ላይ ለሱብሂ ሶላት ወደ መስጊድ ስሄድ ዓይኔ ምሥራቅ ምሥራቅ ይላል። የሌለ ነገር የሚፈልግ ሰው ትርፉ የአንገት ሕመም ነው።

ዘንድሮ ሐምሌ ሲገባ ጨፋ ሮቢት ያለችው ታላቅ እህቴ ማሾዋን እንዳልዘራች ሰማሁ። ባሏ ከሞተ ወዲህ የምታበላት ያቺ ማሳ ናት። ዝናቡ ጥሏል። ከቦዩ ማዶ ካለው ጎረቤቷ በቀር ሰፈሩ ሁሉ ዘርቷል፤ እሱም እሷን አይቶ ነው የቆመው። የባሏ ወንድም ደግሞ በሬዎቹን ያዋሳት ለሁለት ቀን ብቻ ነው፤ ያ ጥቁር አፈር ውሃ ከጠገበ በኋላ በሬ አያስገባም። እሷ ግን ያን የኔን ኮከብ፣ ኦኮላውን ትጠብቃለች።

ወደ እሷ ስሄድ ሚኒባሱ ውስጥ መቀመጥ አቃተኝ። አጠገቤ ያለችው ሴትዮ «ወንድሜ፣ ወንበሩ ላይ እሾህ አለ እንዴ?» አለችኝ።

እህቴ «አካም ኦልቴ?» ብላ ሰላምታዋን ሳትጨርስ «እትዬ፣ ለምን አልዘራሽም?» አልኳት።

«አልወጣማ።»

«እንዲህ የሚባል ኮከብ የለም። እኔ ነኝ የፈጠርኩት።»

ሳቀች። «የሚፈጥርስ አላህ ነው! አንተ የበሬ ዕድሜ ትቀንስ እንደሆን እንጂ ኮከብ ከየት ታመጣለህ?»

«ጊደር ልገዛ ብዬ የፈጠርኩት ነው የምልሽ!»

«እንግዲያ ያን ዓመት ዝናቡ ለምን ዘገየ?»

ተነሳሁ፣ በረቱን ዞርኩ፣ ተቀመጥኩ፣ ደግሞ ተነሳሁ። በሬዎቹ በነጋታው ማታ ወደ ባለቤታቸው ይመለሳሉ።

ጎህ ሲቀድ ሱብሂ ሰግደን ደጅ ወጣን። ምሥራቁን ደመና ሸፍኖታል፤ በአንድ በኩል ብቻ ጠባብ ስንጥቅ አለ። የእህቴን ዓይን ሞራ ከጋረደው ቆይቷል።

«እስቲ አንተ እይልኝ» አለች። «የኔ አይደርስም።»

ሞኝ አይደለሁም። ወጥቷል ብል በሬዎቹ ይጠመዳሉ፣ ማሾው መሬት ይገባል፣ እኔም ነውሬ እንደተሸፈነ ከሚሴ እገባለሁ። አንጋጥጬ አየሁ። ደመና።

«ወጥቷል» አልኳት።

«ወላሂ በል።»

በንግድ ብዙ ብያለሁ። ያረጀውን ወይፈን ነው ብያለሁ፣ የከሳውን መንገድ ነው ያከሳው ብያለሁ። ወላሂ ብዬ ግን ዋሽቼ አላውቅም፤ እሷም ይህን ታውቃለች፣ አብረን ነው ያደግነው። ሁለት እርምጃ ወደ አጥሩ ሄድኩ፣ ተመለስኩ።

«ወላሂ፣ ምንም የለም» አልኳት። «ወላሂ፣ አንድ ሽማግሌ ጊደሮቻቸውን እንዲሸጡልኝ ከአፌ ያወጣሁት ነው።»

አላየችኝም። ሻሿን አጠበቀች፣ ጓዳ ገባች፣ የዘሩን ጀሪካን አውጥታ ደጃፉ ላይ ዘጭ አደረገችው።

«ጥመድ» አለችኝ።

እስከ ረፋዱ እሷ ከፊት ዘሩን ትበትናለች፣ እኔ እርፍ ጨብጬ ከኋላዋ እወላገዳለሁ። ስንት በሬ የሸጠ እጅ ሁለት በሬ ቀጥ አድርጎ መንዳት አልቻለም። ያ ሳይዘራ የቆመው ጎረቤት ከቦዩ ማዶ አየን።

«ኦኮላው ወጣ እንዴ?» ብሎ ተጣራ።

በሬዎቹን አቆምኩ። እህቴ ቀና እንኳ ሳትል መለሰችለት።

«ወጥቷል! ቶሎ ጥመድ!»

ከዚያ ወደ እኔ ዞር ብላ ድምጿን ቀነሰች። «እሱ ወላሂ በይ አላለኝም» አለች። «ንዳ አንተ፣ ሰማዩ ከብዷል።»