በሰባ ዘጠነኛው ደቂቃ

የአክስቴ ልጅ አሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ በቴሌቪዥን ዜና አንብባለች። ገበያ ስትወጣ ሽንኩርት ሻጯ እንኳ "ዛሬ ደግሞ ምን ልታረዱን ነው?" እያለች ትቀልድባት ነበር። ከዚያ የስፖርት ስርጭት ኃላፊ ሆና ተሾመች። ስለ ኳስ የምታውቀው ጥቂት ነው። ጠንቅቃ የምታውቀው አንድ ሕግ ብቻ ነበር፦ ስርጭት ከተጀመረ አይቋረጥም። ትኩሳት ይዟት አንብባለች፤ አባቷ ባረፉ በማግስቱም አንብባለች።

ከጨዋታ አስተላላፊዎቹ አንጋፋውን በድምፁ የተነሣ "ነጎድጓድ" ይሉታል። መጀመሪያ ቀን ሲያያት፣

"እሜቴ፣ ከሜካፕ ክፍል መንገድ ጠፍቶሽ ነው?" አላት።

"የላኩኝ እርስዎን ዝም እንዳሰኝ ነው፣ ጋሼ።"

"እሱንማ ሚስቴ ሠላሳ ዓመት ሞክራ አቅቷታል!"

በዚያው ተዋደዱ። ከጨዋታ ውጪ ማለት ምን እንደሆነ የሻይ ብርጭቆ እየደረደረ ያስረዳት እሱ ነው።

በአራተኛው ወሯ የዋንጫ ጨዋታ መጣ። እሱ ስታዲየም ነው፤ እሷ መቆጣጠሪያ ክፍል። አስተላላፊው ፊት አንድ ቁልፍ አለ፤ ሲጫነው ድምፁ ከተመልካች ይቋረጥና ለኃላፊዋ ጆሮ ብቻ ይደርሳል። በሰባ ዘጠነኛው ደቂቃ ተጫነው።

"እህቴ፣ ደረቴን ወጥሮ ያዘኝ። ሰው ተኪልኝ።"

ተተኪ አላዘጋጀችም ነበር።

"አሥራ አንድ ደቂቃ ናት፣ ጋሼ። አይዞዎት፣ ይጨርሷት።"

"እሺ" አለ።

ጨረሳት። ሰማንያ ስምንተኛው ላይ የገባውንም ጎል እንደ ወትሮው አገር ሰላም ብሎ ጮኸለት። ከስታዲየም ወጥቶ ሆስፒታል ሳይደርስ አረፈ።

ያንን ንግግር ከእሷ በቀር የሰማ የለም፤ መስመሩም አይቀዳም። ቀብሩ ላይ ስታለቅስ ሰው "እንዴት ብትወደው ነው" አለ። ከዚያ ወዲህ ግን የጆሮ ማዳመጫውን ባጠለቀች ቁጥር፣ መስመሩ ሳይከፈት ገና፣ የእሱ ድምፅ "እሺ" ይላታል። ቁጣ የለበትም። ቢኖርበት በተሻላት። ቴክኒሻኑን አስጠርታ አስፈተሸች፤ "ንጹሕ ነው" አላት። ቤቷ ለጸሎት ስትንበረከክም ከ"አሜን" ቀድማ የምትሰማው ያንኑ ነው።

ባረፈ በሦስተኛው ወር ሚስቱ ቢሮዋ መጣች። የመጨረሻ ጨዋታውን ቅጂ ወስዳ ደጋግማ ሰምታዋለች።

"ልጄ፣ አንድ ነገር ከንክኖኝ ነው። ሰባ ዘጠነኛው ደቂቃ ላይ ዝም ይላል። ያ ሰው በእንቅልፉ እንኳ ኳስ ያስተላልፍ ነበር። ምን ሆኖ ነው?"

"መስመር ተቋርጦ" የሚለው ቃል አፏ ላይ ደርሶ ነበር። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ዋጠችው። ከጠረጴዛዋ ጀርባ ተነሥታ አጠገቧ ተቀመጠችና ሁሉንም ነገረቻት።

ሴትዮዋ መሀረቧን አጠፈች፣ ዘረጋች፣ መልሳ አጠፈች።

"ለእኔ እኮ አንድ ቀን አመመኝ ብሎኝ አያውቅም" አለች። ቆይታም፣ "ይቅር እንድልሽ ነው የነገርሽኝ?"

"ስለጠየቁኝ ነው፣ እትዬ።"

"እንግዲያው ዛሬ አልችልም። አልዋሽሽም።"

በሩ ጋ ደርሳ ዞረች።

"እሑድ የሚያስተላልፈው ማነው?"

"ሁለት ሰዎች ናቸው። ጎን ለጎን። አንዱ ቢደክመው ሌላው ይቀበለዋል።"

"ለእሱ ዘገየ።"

"አዎ፣ እትዬ። ዘገየ።"

ሴትዮዋ እጇን አልዘረጋችላትም። በሩን ግን ሳትወረውረው፣ ቀስ ብላ ዘግታ ወጣች።