አጎቴ አሳምሮ የሠራው ጥፋት

ትናንት ኮምቦልቻ ቤቴ ሽንኩርት ስከትፍ የአጎቴ የሰይድ ድምፅ ከቴሌቪዥኑ ሲወጣ ቢላዋዬን አስቀመጥኩ። ተዋናይ ነው፤ ሌባም ዳኛም ቄስም ሆኖ ሠርቷል።

ወዲያው ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ የስምንት ዓመት ልጅ ሆንኩ። አጎቴ ገራዶ ላለች ልጅ ሽማግሌ ልኮ፣ ሽቶውን ተቀብቶ በረንዳ ላይ ይጠብቃል። ሽማግሌዎቹ አንገታቸውን ደፍተው መጡ።

«አባቷ ምን አሉ?»

«እናቱን ከቤት ላባረረ ልጄን አልሰጥም አሉ» አሉት ሼህ ይመር። «ድራማ ነው ብንላቸው፣ ወላሂ በዓይኔ አይቻለሁ፣ የሴትዮዋ እንባ የእውነት ነው ብለው ድርቅ አሉ።»

«እናቱ እኔ ነኝ፤ መቼ አባረረኝ?» አለች አያቴ። «ይዛችሁኝ ሂዱና ልንገራቸው እንጂ።»

አጎቴ ሳቀ፤ ሳቁ ግን ቶሎ አለቀ። ወደ እኔ ዞሮ «አሳምሬ ሠርቼ ነው ያጣኋት» አለኝ። አልገባኝም። ያጠፋ ነው እንጂ አሳምሮ የሠራ ሰው ይቀጣል እንዴ?

እስከ ዛሬ አላገባም። ትናንት የሠራው ሽማግሌ ሆኖ ነው፤ ለሌላ ሰው ልጅ ሚስት ሲጠይቅ የልጅቷ አባት ወዲያው «ሰጥተናል» አለው። ድሮ ለእንዲህ ያለው ሚና ፀጉሩ ላይ ዱቄት ይነሰንስ ነበር፤ አሁን ሽበቱ የራሱ ነው።

ንድድ ብሎኝ «አሁን ነው የምትሰጡት?» ብዬ ቴሌቪዥኑን አጠፋሁት።