የእህቴ የፊት ጥርስ

ታናሽ እህቴ ፎቶ ኮፒ ቤት ተቀጥራ ስትሠራ፣ አንድ የኬሚስትሪ አስተማሪ የራሱን የፊልም ጽሑፍ ሊያባዛ መጣ። ገጾቹን እየደረደረች ድምፅ አውጥታ ስታነብ ሰማትና ዋናዋን ሴት እንድትጫወት ጠየቃት፤ በፊልሙ ሴትዮዋ ባሏ የሞተባት ልብስ ሰፊ ነች። ካሜራማኑ የፎቶ ቤት ሠራተኛ ነው። ሁሉም ሥራ ስላላቸው የሚቀርጹት እሁድ እሁድ ብቻ ነበር።

ሰባት እሁድ እንደሠሩ ፈተና ደረሰና አስተማሪው ለአንድ ወር አሳረፋቸው። ያኔ ነው እኔ ብልጥ ነኝ ባይዋ የገባሁበት። እህቴ ልጅ እያለች ወድቃ የፊት ጥርሷ ተሸርፎ ነበር። "በዚህ ጥርስ ሕዝብ ፊት ልትቀርቢ?" ብዬ እየጎተትኩ ጥርስ ሐኪም ቤት ወሰድኳት። ተሞልቶ ተስተካከለ። ሲያምርባት!

ቀረጻው ሲቀጥል ልጄን አዝዬ አብሬያት ሄድኩ።

"እንደምን አደሩ ቲቸር!" አለች እህቴ በሙሉ ፈገግታ።

አስተማሪው ክው አለ። "ጥርስሽስ?"

"ይኸው።"

"እሱን አይደለም፣ ስባሪውን!"

"አሠራሁት።"

ጭንቅላቱን ያዘ። "በር ስትከፍት ስባሪ፣ ገብታ ስትቀመጥ ሙሉ?"

"በሩ ጋ ጥርስ ሐኪም ነበር እንላለና" አለ ካሜራማኑ። ማንም አልሳቀም። እስካሁን የቀረጹበት ቤት ለሌላ ሰው ተከራይቷል፤ እንደገና መጀመር አይታሰብም።

"እንግዲህ ወይ ሌላ ሰው..." ብሎ አስተማሪው አልጨረሰውም። የእህቴ ፊት አመድ መሰለ።

"ጥፋቱ የኔ ነው" አልኩ።

"ተይ እትዬ፣ እግሬን አሥረሽ አልወሰድሽኝም" አለች።

ካሜራማኑ ላፕቶፑን ከፈተ። "ከመፍረድ በፊት እንየው።"

ተጠጋግተን ተቀመጥን። ልጄ ስክሪኑን ልንካ እያለች ታስቸግራለች። እህቴ ስትለምን፣ ስትጣላ፣ ስታለቅስ አየን። ስትናገር የላይኛውን ከንፈሯን ሰብስባ፣ ስትስቅ በክንዷ ተከልላ። በሰባት እሁድ ቀረጻ አንድም ጥርስ አይታይም!

"እኔ እኮ የሴትዮዋ ሐዘን ነው ብዬ ስንቴ አመሰገንኩሽ!" አለ አስተማሪው።

"አፍሬ ነበር" አለች።

"በይ፣ ፊልሙ እስኪያልቅ እንዲሁ እፈሪልኝ!"

ሁላችንም በሳቅ ፈረስን፤ የእኔ ግን ከእንባ ጋር ነበር። በዚያው ቀን ሁለት ትዕይንት ቀረጹ።

አሁን ከዚያው አስተማሪ ጋር ሁለተኛ ፊልሟን ጀምራለች፤ የምትጫወተው ለፍላፊ ባለሱቅ ሆና ነው። ትናንት ፀጉሯን ትንሽ ላሳጥርላት መቀስ ባነሳ፣ "ቆይ!" ብላኝ ስልኳን አነሳች። "ቲቸር፣ ሁለት ጣት ያህል ይፈቀድልኛል?"