በሚካኤል ዕለት የቆፈረ ሰው

በሰፈራችን እግዚአብሔር ለምን ምን እንዳደረገ የማያውቅ ሰው አልነበረም። በረዶ ጤፍ ቢመታ ምክንያቱ ከምሳ በፊት ይታወቃል። ላም ብትጨነግፍ ባለቤቷ የሻረው በዓል በስሙ ተጠርቶ ይነገረዋል። ያደግሁት በፎገራ ሜዳ፣ ክረምት በገባ ቁጥር ወንዙ ሞልቶ ማሳውንም መንገዱንም በሚውጥበት፣ ቤቶቹ ብቻ እዚህም እዚያም ጉብ ጉብ ብለው በሚቀሩበት ቦታ ነው። ውኃው መቼ እንደሚመጣና መቼ እንደሚሸሽ የሚያውቅ አልነበረም። የእግዚአብሔርን ሐሳብ ግን ሁሉም ያውቅ ነበር።

ከሁሉ የሚበልጡት አዋቂ የንስሐ አባታችን ነበሩ። ረጅም፣ ድምፀ መልካም ቄስ ናቸው፤ ጠላ ሲቀዳላቸው ብርጭቆውን በብርሃን ሳያዩ አይጠጡም። «አላውቅም» የሚል ቃል ከአፋቸው ሲወጣ ሰምቼ አላውቅም። የደብሩን በዓላትና አጽዋማት ቀን እየቆጠሩ የሚነግሩን መሪጌታው ነበሩ። አምሳዎቹ ዓመታት ሲጀምሩ በአንዱ ክረምት ግን መሪጌታው ለዘመድ ለቅሶ አንበሳሜ ሄደው፣ ውኃው ሞላና መመለሻ አጡ። የቀኑ ቆጠራ ለቄሱ ቀረ። እሳቸውም ምን ችግር አለው ብለው ተቀበሉት።

እኔ ያኔ አሥራ ሦስት ዓመቴ ነው። ታናሽ እህቴ ደግሞ አምስት። በአዲስ ዓመት ማግሥት ንዳድ ያዛት። አንድ ቀን ትንቀጠቀጣለች፣ አንድ ቀን ትተኛለች፤ ቀን በቀን እጇ እየቀጠነ ሄደ። ወረታ ላይ መርፌ የሚወጋና መራራ ኪኒን የሚሰጥ አንድ ሰው ነበር። እሱ ዘንድ ለመድረስ ግን መጀመሪያ በታንኳ ወደ ደረቁ መሬት መሻገር ያስፈልጋል። ታንኳዋ የሰፈሩ ናት፤ የሚቀዝፋትም የሚጠብቃትም አንድ ጎረቤታችን ነበር። እናቴ ልጅቱ ይሻላታል እያለች ጥቂት ቀን አለፈ። ከዚያ እንደማይሻላት ሲገባት አባቴን «ነገ ውሰዳት» አለችው።

ነገ ያለችው ሚካኤል ሆኖ ተገኘ። በወር በወሩ በአሥራ ሁለተኛው ቀን፣ በሚካኤል፣ እኛ ዘንድ መሬት አይቆፈርም፣ አይታረምም፣ ውኃ ላይም አይወጣም። በዚያ ሌሊት ደግሞ ዝናቡ ሲወርድ አድሮ፣ ጧት ስንነሣ ውኃው ደጃፉን አልፎ እህቴ ከተኛችበት መደብ ሥር ደርሷል። አባቴ ዶማውን አንሥቶ ወጣና ከቤቱ ጀርባ ቦይ ቀደደ። ውኃው እየተጎተተ ወደ ታች ሄደ፤ ወለሉም ታየ። እኔ በሕይወቴ ካየኋቸው ሥራዎች ያንን የመሰለ ደግ ሥራ ትዝ አይለኝም።

ቅዳሴ እንደወጣ ቄሱ ከሦስት ሽማግሌዎች ጋር መጡ። ጭቃውን እያዩ ጫማቸውን ከፍ ከፍ አደረጉ።

«አንተ ሰውዬ፣ ምን ልሁን ብለህ ነው በሚካኤል መሬት የምትወጋ?»

«አባ፣ ውኃው ኸልጅቱ መኝታ ደረሰብኝ።»

«ልጅቱንማ የያዛት ማን ሆነና! የሻርከው በዓል ነው የያዛት።»

እናቴ ከውስጥ ነጠላዋን አጣፍታ ወጣች። «አባቴ፣ እሱ ሳይቆፍርም ታማለች እኮ። ኸተኛች አሥር ቀኗ ነው።»

«ሚካኤል የሚመጣውን ያውቃል» አሏት።

ሽማግሌዎቹ ራሳቸውን ነቀነቁ። ጥፋቱ ሳይሠራ ቅጣቱ አሥር ቀን ቀድሞ መምጣቱ ከአራቱ አንዱንም አልከበደውም። እንዲያውም የመልአኩ አዋቂነት ሆነላቸው። በሰፈሩ ደንብ መሠረት በዓል የሻረ ሰው መሣሪያው ይወሰድበታል፤ ቀኖናውን እስኪጨርስ ድረስም ጎረቤት በሥራው አያግዘውም። ዶማውን ይዘው ሄዱ።

እናትና አባቴ እኔን ወደ ታንኳው ጠባቂ ላኩኝ። ደጁ ላይ ተቀምጦ፣ ነጭ ለብሶ፣ ፀሐይ ይሞቃል።

«ዛሬን? በሚካኤል?» አለኝ፤ እኔን ሳይሆን ሰይጣንን ያየ ይመስል አማተበ። «የሚካኤል ዕለት ውኃ ላይ የወጣ ተመልሶ አይገባም። ደግሞስ ያባትሽ ነገር አለ። ነገ በጧት እመጣለሁ በያቸው።»

«እየሞተች ነው» አልኩት።

«እሱ ያውቃል» አለኝ፤ እሱ ያለው እግዚአብሔርን ነው።

ከቀትር በኋላ የዚሁ ሰው ላም ማጥ ውስጥ ሰመጠች። የፎገራ ላም ናት፣ ወተቷ የሚወራላት። ሰፈሩ በሙሉ ተነሣ። ታንኳዋ በሚካኤል ዕለት ውኃ ላይ ወጣች፣ ጠፍር ተጫነባት፣ ስምንት ወንዶች እየጮሁ ጎተቱ፤ ቄሱም ከዳር ቆመው መስቀላቸውን ዘርግተው ነበር። ላሟ ስትወጣ እልል ተባለ። እልልታው እኛ ቤት ድረስ ይሰማል። እናቴ ለእህቴ ግንባር ጨርቅ እያራሰች ቀና ብላ «ምን ተገኘ?» አለችኝ። መንገር አፈርኩ።

እህቴ ሊነጋጋ ሲል ሞተች። የታንኳው ጠባቂ ግን ቃሉን አላጠፈም፤ እንዳለው በጧት ታንኳውን ይዞ መጣ።

አባቴ ቤተ ክርስቲያን ድረስ በውኃ ውስጥ ሄዶ ዶማውን ለመነ። ለመቃብር ነው ሲላቸው ሰጡት። በሰፈራችን ሐዘንተኛ ራሱ አይቆፍርም፤ ጎረቤት ይቆፍርለታል። የዚያን ዕለት ግን ጎረቤቱ አልነበረም። ትናንት በዓል ስለነበር አረሙ ተከማችቷል፤ ሰው ሁሉ ጤፉ ውስጥ አጎንብሷል። አባቴንም ማገዝ ክልክል ነው። ሁለት ያረጁ ሰዎች ብቻ መጥተው እያዩት እሱ ቆፈረ። ውኃ እያቆረ አስቸገረው። ቄሱ ፍትሐቱን በችኮላ አድርሰው፣ እናቴን የሞተባት አንድ ልጅ ብቻ በመሆኑ ሚካኤልን እንድታመሰግን መከሯት። ያን ቀን ሰውየውን ጠላሁት። ሕፃን ስለሆንኩ አይደለም፤ ዛሬም ሳስበው ያው ነው።

ከአራት ቀን በኋላ ሊነጋ ሲል የመስቀል ደመራችንን ለኮስን። ሜዳው ሜዳ ስለሆነ በዙሪያው ያሉት ኮረብታዎች ሁሉ ይታያሉ፤ በየዓመቱ ከጣራ ገዳም በኩል እስከ ደራ ድረስ ጭሱ ሲነሣ እናያለን። የዚያን ዕለት ከኛ በቀር የሚጨስ አልነበረም።

«አገሩ ሃይማኖቱን ጣለ» አሉ ቄሱ። ስለ ሌላው አገር ኃጢአት አጠር ያለ ስብከትም ሰጡ።

በማግሥቱ ጧት ኮረብታዎቹ በሙሉ ጨሱ።

ሰዎቹ እርስ በርስ ተያይተው ወደየቤታቸው ገቡ። ውኃው ሸሽቶ መሪጌታው እስከ ጉልበታቸው በጭቃ ተለብጠው ሲመለሱ መጀመሪያ የጠየቁት «ጳጉሜን ስንት ብላችሁ ቆጠራችሁ?» ብለው ነው።

«አምስት ነዋ» አሉ ቄሱ።

«ኧረ አባ! ዘመኑ ሉቃስ አልነበረምን? ስድስት ናት እኮ!»

በአራት ዓመት አንዴ የምትመጣ ቀን ናት። የሰማይን ምሥጢር የዘረዘሩልን ሰው እስከ ስድስት መቁጠር አቅቷቸው ኖሯል። እንግዲህ ሂሳቡን እኔም ደረስኩበት፤ ሰፈሩ አዲሱን ዓመት አንድ ቀን ቀድሞ ጀምሯል። አባቴ ቦይ የቀደደው መስከረም አሥራ አንድ ላይ ነው። ተራ ቀን፣ ማንም መቆፈር የሚችልበት፣ ታንኳ የሚቀዘፍበት ቀን። እውነተኛው ሚካኤል ማግሥቱ ነበር፤ ሰፈሩ በሙሉ አረም ላይ የዋለበት። የማንም ልጅ አልታመመም፣ የማንም ጣሪያ አልተቃጠለም። ጤፉም በዚያ ዓመት እሰይ የሚያሰኝ ነበር። እህቴ በታንኳ ብትሄድ ትድን ነበር ብዬ አልምልም። መሄድ ትችል ነበር፤ እሱን እምላለሁ።

እኔ ከሚካኤል ጋር ጠብ የለኝም። ዛሬም በወር በወሩ እሳለመዋለሁ። ጠቤ ሳይጠይቁት በእሱ ስም ከሚመልሱት ጋር ነው።

ቄሱ ለሰፈሩ በሙሉ ቀኖና ሰጡ፤ ሚካኤልን ሳያውቁ ስለሻሩ ለያንዳንዱ ቤት አርባ አርባ ስግደት። ከቤት ቤት እየዞሩ እኛም ዘንድ ደረሱ። እናቴ ጠላ ቀዳችላቸው፤ ብርጭቆውን በብርሃን አዩት። የእህቴ ሞት ቅጣት አለመሆኑን አሁን ተረድተዋል። ፈተና ነው አሉን። ጥቂት ከጠጡ በኋላ ደግሞ ፍቅር ሆነ፦ እግዚአብሔር ስለወደዳት ነው የወሰዳት። በአንድ ብርጭቆ ከፈተና ወደ ፍቅር ተሻገርን።

«ብቻ እናንተ ቀኖና የለባችሁም» አሉ በመጨረሻ፣ ትልቅ ስጦታ እንደሚሰጥ ሰው ፈገግ ብለው። «በደብሩ ውስጥ በእውነተኛው ሚካኤል ሥራ ያልሠራ የናንተ ቤት ብቻ ነው። ሚካኤልን ያከበራችሁ እናንተ ናችሁ።»

አባቴ ግድግዳው ላይ የተደገፈውን ዶማ አየ። የመቃብሩ ጭቃ ገና አልተጠረገበትም።

«እኛም ሠርተናል እንጂ፣ አባ» አለ። «ቆፍረናል።»

 እናቴ ማልቀስ ጀመረች። ቄሱ የቀረችውን ጠላ ጨልጠው፣ ብርጭቆውን አስቀምጠው ተነሡ፤ ደጃፉን ሲሻገሩም መልሱ መጣላቸው።

«ይህስ ቢሆን ያለ ምክንያት አይደለም» አሉ፣ አባቴ የቀደደውን ቦይ ተራምደው እያለፉ።