ከበሮ ለመምታት የመኖሪያ ፈቃድ

ጃዝ አልወድም። ይህን ስል ሰዎች ያልታከመ ሕመም ያለብኝ ይመስል ያዝኑልኛል፤ አንድ ጥሩ ሸክላ እንድሰማም ይመክሩኛል። ሰምቻለሁ። ጃዝ እንወዳለን ከሚሉት አብዛኞቹ የሚወዱት ጃዝ ሲወዱ መታየትን ነው የሚል አቋም አለኝ፤ ከዚህ አቋሜ ያነቃነቀኝም የለም። የአንድ ቤልጅየማዊ የጃዝ ከበሮ መቺን የሥራ ታሪክ በሦስት ገጽ እንድጽፍ የታዘዝኩት እንግዲህ እኔ ነኝ።

ያዘዙኝ ሐጂ ናቸው። ሐጂ ጆሃንስበርግ፣ ፎርድስበርግ ሰፈር ውስጥ ብርድ ልብስ በጅምላ የሚሸጡ የስልጤ ሰው ናቸው። ከሱቃቸው በላይ ካሉት ሦስት ክፍሎች መሐከለኛውን ተከራይቼ እኖራለሁ። ድርሰት ስለማያበላ ለአገሬ ልጆች የመኖሪያ ወረቀት ማመልከቻ እጽፋለሁ። አንድ ቀን ሐጂ በስተቀኜ ያለውን ክፍል የተከራየውን ነጭ ሽማግሌ ክንዱን ይዘው አስገቡት። ሁለት ዓመት ጎን ለጎን ስንኖር ከሰላምታ በቀር ተነጋግረን አናውቅም።

«ወረቀቱ ሊያበቃበት ነው፤ ጻፍለት» አሉኝ።

«ሐጂ፣ ፈረንጅ እኮ ነው።»

«ፈረንጅስ ቢሆን? ለኛ ስንቱን ዋሽተህ የለ። ለሱ አንድ ብትጨምር ምን ይጎድልብሃል?»

ሽማግሌው እዚሁ ከተማ ካገኛቸው አንድ ፒያኖ ተጫዋችና አንድ ባስ ተጫዋች ጋር ቡድን መሥርቷል። በሕይወቱ ደስ ብሎት የሚሠራበት የመጀመሪያው ቡድን መሆኑን ነገረኝ። ፈቃዱ እስከ ወሩ መጨረሻ ካልታደሰ ግን አገሩ ይመለሳል። እዚያ የቀሩት አንዲት እህትና የቤተሰቡ መቃብር ናቸው፤ ሁለቱም አይቸኩሉም አለኝ።

ቅጹ ላይ አንድ ክፉ ጥያቄ አለ፦ ይህን ሥራ የአገሩ ዜጋ ሊሠራው ያልቻለው ለምንድን ነው? ጥያቄዋን አውቃታለሁ። ለክትፎ አብሳይም ለሐበሻ ቀሚስ ሰፊም መልሼባታለሁ። እጄ በለመደው መንገድ ሄደና ይህ ዓይነቱ የከበሮ አመታት በአፍሪካ ምድር ታይቶ እንደማይታወቅ ጻፍኩ።

ሽማግሌው ሲያነበው ጆሮው ቀላ። «ይህን ካስገባህልኝ ከዚህ እስከ ከተማው ዳር፣ እስከ ቴምቢሳ ይሳቅብኛል» አለ። «ማዕዘኑ ላይ ተሳፋሪ የሚጠራው ሰውዬ የታክሲውን ጣሪያ ሲመታ ሰምተኸው ታውቃለህ? እኔ አርባ ዓመት ሞክሬ እንደሱ አልቻልኩም።»

እና ምን ትችላለህ አልኩት። ቁጭ ብሎ ነገረኝ። በወጣትነቱ በአንድ የወደብ ከተማ ሆቴል፣ ምግብ አዳራሽ ውስጥ ከበሮ መቺ ሆኖ ተቀጠረ። ባለቤቱ አንድ ሕግ ብቻ ነበረው፦ የማንኪያው ድምፅ ከከበሮው በላይ መሰማት አለበት። ስለዚህ ዱላውን ትቶ በቀጫጭን ሽቦ ብሩሽ መምታት ጀመረ፤ ድምፁን እየቀነሰ፣ ደግሞ እየቀነሰ፣ የአውሮፓን ክለቦች ዞረ። ፒያኖ ተጫዋቾች ይሻሙበት ነበር፤ ራሳቸውን የሚሰሙት ከሱ ጋር ሲሆኑ ብቻ ነበር። አንድ ጊዜ ከሁለት ሰዎች ጋር ሸክላ አስቀረጸ። አንድ ሐያሲ ያለ ከበሮ ለመጫወት የደፈሩትን ሁለቱን ሙዚቀኞች በጋዜጣ አሞገሰ። ቁራጩ ጋዜጣ እስከ ዛሬ ቦርሳው ውስጥ አለ፤ ከዚያ የበለጠ ምስጋና አግኝቶ እንደማያውቅ በቁም ነገር ነገረኝ። በኋላ አንዲት የጆሃንስበርግ ዘፋኝ አግብቶ እዚህ መጣ። በሦስተኛው ዓመት ጥላው ሄደች። ቤት ይኑር አይኑር ማወቅ አቅቷት ነበር።

«የት ነው የምትለማመደው?» አልኩት።

«ክፍሌ ውስጥ። በየቀኑ፣ ከንጋቱ አሥራ ሁለት እስከ አራት ሰዓት።»

እስክሪብቶዬን አስቀመጥኩ። እነዚያ ሰዓቶች የኔ የመጻፊያ ሰዓቶች ናቸው። እኔ የግድግዳ ሰዓቴ ቀጭ ቀጭ ሲል ባትሪውን ያወጣሁ፣ ከገዛ ፍሪጄ ጋር የተጣላሁ ሰው ነኝ። በመሐከላችን ያለውን ግድግዳ በአውራ ጣት መብሳት ይቻላል። ሁለት ዓመት ሙሉ ከወዲያ በኩል ሽው ሽው የሚል ነገር እሰማለሁ፤ ቤቱን የሚጠርግ መስሎኝ ነበር። እንዲያውም ሐጂን ስለ ደረጃቸው ቆሻሻ ስወቅሳቸው ይህን ሽማግሌ በንጽሕና አርአያነት ጠቅሼላቸዋለሁ። ሳቄን ሰምተው ሐጂ ከታች መጡ፤ ነገሩን ስነግራቸው ቆባቸውን በእጃቸው ይዘው ደጃፉ ላይ ተቀመጡ።

የመጀመሪያውን ጽሑፍ ቀደድኩት። ለዚያች ጥያቄም እንዲህ ብዬ መለስኩ፦ «ድምፅ የምጠላ ጎረቤቱ ነኝ። በየቀኑ ለአራት ሰዓት ያህል ከበሮ ሲመታ ሁለት ዓመት ሙሉ ቤት የሚጠርግ መስሎኝ ኖሬያለሁ። ይህን የሚችል ዜጋ ካለ እባካችሁ ላኩልኝ፤ በስተግራዬ ያለው ክፍል ባዶ ነው።»

ሽማግሌው ሳያመነታ ፈረመ። ሐጂ ግን ራሳቸውን ነቀነቁ። እውነት ተጽፎ ወረቀት ሲሰጥ አይተው አያውቁም።

ወሩ ሊያልቅ አራት ቀን ሲቀረው ፈቃድ ከሚሰጠው መሥሪያ ቤት አንዲት ሠራተኛ ደወለችልኝ። እየቀለድኩ እንደሆነ ጠየቀችኝ፤ አይደለም አልኳት። እውነት አይሰማም ወይ አለች፤ እንደ መጥረጊያ ነው አልኳት። ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ይህ ከማመልከቻው ጋር አይገናኝም ብላ ጀመረች።

«ከኔ በላይ የሚኖረው ሰውዬ ከበሮ ገዝቷል። ጓደኛህ ተማሪ ይቀበላል?»

ሳላማክረው ይቀበላል አልኳት።

በሦስተኛው ቀን እያነበብኩ ሳለ የክፍሌ በር በጡጫ ተደበደበ። ሐጂ ነበሩ።

«ክፈት እንጂ! ሰውዬው ደጅህ ላይ ቆሞ ሲያንኳኳ ሩብ ሰዓት ሆነው።»

ሽማግሌው ወረቀቱን በሁለት እጁ ይዞ ከኋላቸው ቆሟል። ሐጂ ተቀበሉትና ወደ መስኮቱ ሄዱ፤ ከመሥሪያ ቤቱ የመጣን ወረቀት ሁሉ እንደምናደርገው በብርሃን አዩት፣ ገለበጡት፣ ማኅተሙን በአውራ ጣታቸው አሹት። ሽማግሌው ትንፋሹን ይዞ ይጠብቃል።

«እውነተኛ ነው» አሉ ሐጂ። «አራት ዓመት።»

ሽማግሌው ባለበት ዘለለ። ታች ሱቅ ውስጥ ብርድ ልብስ ትመርጥ የነበረች ደንበኛ ምን ወደቀ ብላ ጠየቀች።